የኦቦ ዲሪርሳ ጆሮ

እስከ ዛሬ ለማንም ያልተናገርኩት ነገር ነው። ለሚስቴ አልነገርኳትም፣ ለእናቴም አልነገርኳትም። እኛ ሙስሊሞች እንደ ክርስቲያን ጎረቤቶቻችን ቁጭ ብለን የምንናዘዝለት የነፍስ አባት የለንም። ቢኖረኝም ኖሮ ወላሂ ከየት እንደምጀምርለት እንጃ። "አባ፣ አንድ ጤነኛ ሰው አደንቁሬያለሁ" ልበላቸው? "በምን መትተኸው ነው ልጄ?" ይሉኛል። "አልመታሁትም አባ፣ በእጄም አልነካሁትም፤ ኮምፒውተር ላይ አንድ ነገር ሠራሁ።" እኚህ አባት ከዚያ በኋላ ጸበል ሂድ ከማለት ሌላ ምን ይሉኛል? ስለዚህ እናንተ አድምጡኝ። ነገሩ ሲያዩት ጠመዝማዛ ይመስላል እንጂ ቀላል ነው። እኔ ስንት ዓመት ስላገላበጥኩት እንደሚገባችሁ አድርጌ እነግራችኋለሁ።

ጀማል እባላለሁ። ያኔ ሰበታ ውስጥ፣ ከመናኸሪያው ትንሽ ወረድ ብሎ ሙዚቃ ቤት ነበረኝ። ሙዚቃ ቤት ስላችሁ ካሴት የተደረደረበት እንዳይመስላችሁ፤ ያ ዘመን አልፎ ነበር። አንድ ኮምፒውተር፣ ሁለት ስፒከር፣ አንድ አግዳሚ ወንበር፣ አለቀ። ሰው ሞባይሉን ወይ ፍላሹን ይዞ ይመጣል፣ እኔ ዘፈን እሞላለታለሁ። የሙያችን ብልሃት አንድ ነው፤ መጭመቅ። ደንበኛ "ስንት ዘፈን ይይዛል?" ነው የሚለው እንጂ "ድምፁ እንዴት ነው?" ብሎ የጠየቀኝ ሰው አልነበረም። ስለዚህ ዘፈኑን በፕሮግራም እንጨምቀዋለን። ጆሮ አይለየውም ተብሎ የሚታሰበው ቀጭን ቀጭኑ ድምፅ ይጣላል፣ ፋይሉ ያንሳል፣ ጥፍር በምታክል ሚሞሪ ካርድ ውስጥ ሺህ ዘፈን ይገባል። በሰበታ ከኔ በላይ የሚጨምቅ አልነበረም። እኮራበትም ነበር፣ ምን እደብቃችኋለሁ።

ኦቦ ዲሪርሳ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት መጡ። በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ መካኒክ ነበሩ፤ ረጅም፣ ሰማያዊ ቱታቸውን በእረፍት ቀንም የማያወልቁ፣ ጡረታ ሊወጡ ሁለት ዓመት የቀራቸው ሰው። ከተማው ውስጥ "ማሽን ያናግራሉ" ይባልላቸው ነበር። መቶ የሽመና ማሽን በአንድ ጊዜ በሚጮህበት አዳራሽ መሃል ዓይናቸውን ጨፍነው ይቆማሉ፣ ከዚያ ጣታቸውን ይቀስራሉ፤ ያቺ። ሲፈቷት እውነትም ቤሪንጓ፣ የምትሽከረከርበት ኩሽኔታ፣ ሊያልቅ ደርሷል። ቤሪንግ ከመሰበሩ በፊት እንደ ፉጨት ያለች ቀጭን ድምፅ ያወጣል፣ ያቺን ከሁሉ በፊት የሚሰሟት እሳቸው ነበሩ። ይህን ልብ በሉልኝ፤ የኚህ ሰው እንጀራ በዚያች ቀጭን ድምፅ ላይ የቆመ ነበር።

ያን ቀን ይዘው የመጡት አንድ ሃርድ ዲስክ፣ አንድ ትልቅ ሄድፎንና ከኮምፒውተር ጋር የምትገጠም፣ ድምፅ የምታጠራ ትንሽ ሳጥን ነበር። አዲስ ማሽን ሊተክል መጥቶ የነበረ አንድ የውጭ መሐንዲስ ሲሄድ ትቶላቸው ነው። ሰውየውና ኦቦ ዲሪርሳ በቋንቋ ብዙም አይግባቡም፤ ግን ሁለቱም ሄቪ ሜታል ይወዳሉ! እንዴት እንደተዋወቁበት ስጠይቃቸው፣ "እሱ ማሽን ሲፈታ ያፏጫል። የሚያፏጨውን አወቅኩት፤ እኔም ቀጠልኩለት" አሉኝ። ዲስኩ ውስጥ ኦቦ ዲሪርሳ በወጣትነታቸው በካሴት እስኪበጠስ ያዳመጧቸው የድሮ የሄቪ ሜታል አልበሞች ነበሩ፤ ግን አሁን ከስቱዲዮው ከዋናው ክር ላይ እንደገና ተቀድተው፣ ምንም ሳይጨመቁ፣ ሃይ ሬዞሉሽን በሚሉት ጥራት። አንዱ ዘፈን ብቻውን የኔን ሃምሳ ዘፈን ያህል ይከብዳል። እኔ ፋይሉን ሳየው መጀመሪያ የተበላሸ መስሎኝ ነበር።

ቤታቸው ኮምፒውተር ስለሌለ ቅዳሜ ቅዳሜ እኔ ጋ እየተቀመጡ እንዲያዳምጡ ተስማማን። እኔ ሥራዬን በሞባይሌና ከቤት በማመጣው አሮጌ ላፕቶፕ እሠራለሁ፣ እሳቸው አግዳሚው ላይ ሄድፎናቸውን አድርገው ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። የሰበታ ሰው እያለፈ ያያቸዋል። አንድ ቀን እናቴ ከቡራዩ ልትጠይቀኝ መጥታ ከሄድፎኑ የሚያመልጠውን ድምፅ ሰማችና፣ "ያ ጀማል፣ እኚህ ሰውዬ ጂን ይዟቸዋል እንዴ?" አለችኝ በጆሮዬ። እኔም ገርሞኝ ጠየቅኳቸው፤ እንዴት ነው ከስንት ዘፈን ይሄ ጩኸት የተወደደው? ሳቁ። "ሰው ሁሉ ጫጫታ ነው ይለዋል። እኔ በሃያ ስምንት ዓመቴ መጀመሪያ የሰማሁት ቀን ሥራ ቦታዬን ነው የሰማሁት። የማሽን ቤት ነው። ግን ማሽኖቹ ሁሉ ተስማምተው!" አሉኝ።

የሚያሳዩኝ ነገር ነበር። ድራም ከሚመታው ሰው ጎን የነሐስ ሳህን የሚመስል ነገር ይንጠለጠላል፤ ሲመታው ጺሽሽ ይላል። ኦቦ ዲሪርሳ ያ ሳህን ሲመታ ሌባ ጣታቸውን ያነሳሉ። ድምፁ እየሳሳ ሲሄድ ጣታቸው ቀስ እያለ ይወርዳል፣ ይወርዳል፣ ድምፁ ጭራሽ ሲጠፋ ጣታቸው ጉልበታቸው ላይ ያርፋል። "ጭራው" ይሉታል። "በካሴት ጭራው ተቆርጧል። እዚህ ግን እስከ መጨረሻው አለ፤ ከጭራው በኋላ እንዲያውም ሰውየው ሲተነፍስ ይሰማል" ይሉኛል። እኔ ሄድፎኑን አድርጌ አዳመጥኩ። ጺሽ አለ፣ ጠፋ። ትንፋሽ የሚባል አልሰማሁም።

ከዚህ ነው ጥፋቴ የሚጀምረው። እኔ ምንም ልዩነት አልሰማሁም። ያንኑ ዘፈን ጨምቄ ሰማሁት፣ ሳይጨመቅ ሰማሁት፤ ለኔ አንድ ነው። ታዲያ እሳቸው የሚሰሙት ምንድን ነው? እውነት ይሰማሉ ወይስ ፋይሉ ከባድ ስለሆነ ብቻ የሚሰሙ ይመስላቸዋል? ይህ ጥያቄ እንቅልፍ ነሳኝ ብል ማጋነን ነው፣ ሥራ ላይ ግን ከአእምሮዬ አልወጣም። በዚያ ላይ አንድ ቅዳሜ ሁለት ወጣቶች ፍላሽ ሊያስሞሉ ቆመው ሳለ ኦቦ ዲሪርሳ ስክሪኔን አይተው፣ "ጀማል፣ አንተ የምትሸጠው እኮ የዘፈን ቋንጣ ነው" አሉ። ወጣቶቹ በሳቅ ፈነዱ። "ቋንጣ ቤት" ብለው ስም አወጡልኝ፤ ሳምንቱን ሙሉ ሰፈሩ ሁሉ "ቋንጣ አለ?" እያለ ያልፍ ነበር። ቀልድ ነው፣ እኔም ስቄያለሁ። ውስጤ ግን ተቆጥቷል። ማወቅ መፈለጌ ኃጢአት ነበር? አይመስለኝም። ግን ማወቅ ብቻ አልነበረም የፈለግኩት፤ እሳቸውን ማሳፈርም ፈልጌያለሁ።

ያደረግኩት ይኸው ነው። ዲስካቸውን ለሳምንት ያህል እኔ ጋ ትተውት ነበር። በጣም የሚወዷቸውን ሦስት አልበሞች ቀዳሁ። እንደ ማንኛውም የሚሞሪ ዘፈን አጥብቄ ጨመቅኳቸው። ከዚያ መልሼ በፕሮግራም ነፋኋቸው። ሲነፋ ፋይሉ እንደ ጥንቱ ይከብዳል፣ ስሙ ያው ነው፣ ሃይ ሬዞሉሽን የሚለው ጽሑፍም ያው ነው። የተጣለው ድምፅ ግን አይመለስም፤ ኮምፒውተሩ ቦታውን በባዶ ነገር ነው የሚሞላው። ዋናዎቹን ሌላ ቦታ ደበቅኩና የኔን በነሱ ቦታ አስቀመጥኩ። እኔ ነኝ ያደረግኩት። ማንም አላዘዘኝም፣ ማንም አልረዳኝም። ፈጣን ሥራ ነበር፤ እያፏጨሁ ነው የሠራሁት።

ቅዳሜ መጡ። "አካም ጅርታ፣ ጀማል" አሉኝ፣ "ነጋ፣ ኦቦ" አልኳቸው፤ ተቀመጡ። መጀመሪያ ያን ሽፋኑ ላይ የሚነድ ድልድይ ያለበትን አልበም ጠየቁኝ፣ ከፈትኩላቸው። እኔ ሥራ እንደሚሠራ ሰው ሆኜ ጣታቸውን ነው የማየው። ሳህኑ ተመታ፣ ጣታቸው ተነሳ። ወዲያው ወደቀ። ዓይናቸውን ከፈቱ። "መልሰው" አሉኝ። መለስኩት። ጣታቸው ተነሳ፣ ግማሽ መንገድ ላይ ቆመ፤ እንደ ጠፋበት ሰው አየር ላይ ቆመ። ሄድፎኑን አውልቀው ገመዱን አዩት፣ ሳጥኗን አዩአት፣ ጆሯቸውን በትንሿ ጣታቸው ጠረጉ። "ሌላ ክፈትልኝ" አሉ። ሁለተኛውን ከፈትኩ፣ ሦስተኛውን ከፈትኩ። ሦስቱም የኔ ናቸው። ከሦስተኛው በኋላ ሄድፎኑን አውልቀው ጉልበታቸው ላይ አደረጉት።

እኔ ያኔ ምን ተሰማኝ መሰላችሁ? ደስታ! አላህ ይየኝ፣ ደስታ ነው የተሰማኝ። ውስጤ "ይሰማሉ! እውነት ይሰማሉ!" እያለ ይዘልላል። ሰውየው እውነታቸውን ነው፤ ጭራ አለ፣ ትንፋሽ አለ፣ በዓለም ላይ እኔ የማልሰማው ነገር አለ! የጥያቄዬን መልስ አገኘሁ። "ኦቦ፣ ጆሮዎ ልክ ነው፤ እኔ ነኝ የቀየርኩት፣ ቋንጣ አብልቼዎት ነው" ብል ይቆጡኝ ነበር፤ ከዚያ ይስቁ ነበር። ሁለት ዓረፍተ ነገር ናት። አፌን ልከፍት ስል ቀና ብለው አዩኝና፣ "ጉሪ ኮ ዱዴ" አሉ። ጆሮዬ ደነቆረ ማለታቸው ነው። "ቀጭኑ ድምፅ ሄዷል ጀማል። እፈራው ነበር። ሠላሳ ዓመት ማሽን ቤት ውስጥ የኖረ ጆሮ መጨረሻው ይሄ ነው።" ፋይሉን አልጠረጠሩም፣ እኔን አልጠረጠሩም። ኮምፒውተር እንደ ሰው ይዋሻል ብለው ከየት ያስቡ? የጠረጠሩት ራሳቸውን ነው።

እና ለምን አልነገርኳቸውም? ይህን ስንት ጊዜ ራሴን ጠይቄያለሁ። ፊታቸው ላይ ያየሁት ነገር አስደነገጠኝ፤ ቀልዱ ድንገት የማልችለው ነገር ሆነብኝ። በሚቀጥለው ቅዳሜ ዋናዎቹን እመልሳለሁ፣ ሲሰሙ "እንዴ፣ ጉንፋን ነበር ለካ!" ይላሉ፣ ማንም ሳያፍር ያልፋል ብዬ አሰብኩ። ማን ሳያፍር? እኔ ሳላፍር ማለቴ ነው። ደህና ዋሉ ተባብለን፣ ዲስኩን እኔው ጋ ትተው ሄዱ። ያንኑ ቀን ማታ ፋይሎቹን መለስኩ።

ያ የሚቀጥለው ቅዳሜ አልመጣም። የማስተር ፕላኑ ነገር የከረረበት ጊዜ ነበር። አዲስ አበባ ሰፍታ ሰበታንም ቡራዩንም ሱሉልታንም ልትጠቀልል ነው ተባለ፤ ገበሬው መሬቴ አለ፣ ወጣቱ ወጣ፣ መንገዱ በድንጋይና በጎማ ተዘጋ። ሱቅ ዝጉ ተባልን፣ ዘጋን። ኢንተርኔት ጠፋ። በሰፈራችን ልጆቻቸው የታሰሩባቸው ነበሩ፤ ለቅሶ የተቀመጡም ነበሩ። በዚያ መሃል ስለ ነሐስ ሳህን ጭራ የሚያስብ ማን ነው? እኔ አስብ ነበር። መንገድ ተዘግቶ ስለነበር አላገኘኋቸውም ብል እውነት ይመስላል፤ ስታዩት ግን ውሸት ነው። የኦቦ ዲሪርሳ ስልክ ቁጥር ነበረኝ። ኢንተርኔት ነው የጠፋው፣ ስልክ ይሠራ ነበር። ለእናቴ ቡራዩ በየቀኑ እደውል ነበር። ለእሳቸው ግን "እንዲህ ያለ ነገር በስልክ አይነገርም" አልኩ።

ሦስት ሳምንት አለፈ። መንገዱ ተከፍቶ ጥቂት ቀን ቆይቶ ኦቦ ዲሪርሳ መጡ፤ ቅዳሜ አልነበረም፣ ቱታም አልለበሱም። ቱታቸውን ያወለቁ ቀን መጀመሪያ አላወቅኳቸውም። ሥራቸውን ለቅቀዋል። ቆሞ የነበረው ፋብሪካ ሥራ ሲጀምር አዳራሹ መሃል ቆመው ዓይናቸውን ጨፍነዋል፤ ግን ጆሯቸውን ማመን አልቻሉም። ያቺ ናት ይላሉ፣ አይደለችም ይላሉ። ሦስት ደህና ማሽን አስቁመው አስፈተዋል። የሚያውቋቸው ሠራተኞች እርስ በርስ ተያይተዋል። "የማልሰማው ማሽን የሰው እጅ ይበላል። የአንድ ልጅ እጅ ከሚሄድ እኔ ልሂድ" ብለው አለቃቸውን ተሰናበቱ። ይህን የነገሩኝ እኔው ፊት ቆመው ነው። ሱሉልታ፣ ወንድሞቻቸው ወዳሉበት ወደ አባታቸው መሬት ሊገቡ ነው። ሄድፎኑንና ሳጥኗን ጠረጴዛዬ ላይ፣ እኔው ጋ ከነበረው ሃርድ ዲስክ አጠገብ አስቀመጡ። "አንተ ወጣት ነህ፣ ጆሮ አለህ። አዳምጥበት" አሉኝ።

ተቀበልኳቸው። ዋናዎቹ እዚያው ኮምፒውተሬ ውስጥ ነበሩ፤ ቁጭ ይበሉና አንዴ ይስሙ ማለት ነበረብኝ፣ አምስት ደቂቃ አይፈጅም ነበር። ግን ያኔ ነገሩ ቀልድ አልነበረም፤ ሠላሳ ዓመት የሠሩበትን ሥራ የለቀቁት በኔ ምክንያት ሆኗል። እንዴት ተደርጎ ይነገራል? "ይቅናዎት" አልኳቸው። መረቁኝ እንጂ አልረገሙኝም። "አላህ ይስጥህ" ነው ያሉኝ፣ በኔ ሃይማኖት፣ እኔን ለማክበር።

ከዚያ በኋላ ሰው ሁሉ ስለ እሳቸው አወራ። መሬታቸውን ሊጠብቁ ነው የሄዱት የሚል አለ፣ ረብሻውን ፈርተው ነው የሚል አለ፣ ፋብሪካው ጠርጥሯቸው ነው የሚልም አልጠፋም። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው፤ እሳቸው አንዱንም አልሰሙ። ሱቄ መጥተው "አንተ ታውቃቸዋለህ፣ ለምንድን ነው የሄዱት?" ብለው ሲጠይቁኝ እኔ ምን እል ነበር? "የመሬት ነገር ነው መሰለኝ" እል ነበር። ሁሉም ራሱን ይነቀንቃል፤ ያኔ ሁሉ ነገር የመሬት ነገር ነበር። ስንት ሰው እውነተኛ ጉዳት የደረሰበትን ነገር እኔ መደበቂያ አደረግኩት። ይህም አንድ ጥፋት ነው፣ ቁጠሩልኝ።

ሄድፎኑ ጠረጴዛዬ ላይ ሲያየኝ ከረመ። አንድ ቀን አደረግኩት። ያንኑ ዘፈን፣ ዋናውን፣ ሳይጨመቅ ሰማሁ፤ ምንም። በማግስቱ ሰማሁ፤ ምንም። ነገር ሳልጨርስ መተው የማልወድ ሰው ነኝና ሱቅ ስከፍት አንዴ፣ ስዘጋ አንዴ መስማት ጀመርኩ። የኔን ጭማቂ አጫውታለሁ፣ ዋናውን አጫውታለሁ። ወራት ፈጀብኝ። አንድ ጠዋት ሳህኑ ተመታና ድምፁ አልጠፋም፤ ሳሳ፣ ቀጠነ፣ እንደ ክር ሆነ፣ ሄደ፣ ሄደ፣ መጨረሻው ላይ ሰው ተነፈሰ። የኔን ሳጫውት ደግሞ ጭራው በመቀስ እንደተቆረጠ ነው። ማንም ሊለየው ይችላል! እንዴት ቀድሞ አልሰማሁትም? በጣም የሚያምር ነገር ነበር፤ ያን ያህል የሚያምር ነገር ከሰው እንደወሰድኩ ያወቅኩት ያን ጠዋት ነው። ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ከዚያ ደንበኛ መጣ፣ ሺህ ዘፈን ሞላሁለት።

የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም ይላሉ። የኔ ተገላቢጦሽ ነው፤ የተወጋው መወጋቱንም አያውቅ፣ የወጋሁት እኔ ነኝ መርሳት ያቃተኝ። ዓመታት አለፉ፣ ማስተር ፕላኑም ቀርቷል ተባለ፣ ሚስት አገባሁ። ረመዳን ሲቃረብ እኛ ዘንድ ሰው እየዞረ "አፉ በሉኝ" ይባባላል፤ ይቅር በሉኝ ነው። እናቴ በዚያ ሰሞን ሁልጊዜ የምትለው አለ፤ አላህ የራሱን ሐቅ ይምራል፣ የሰውን ሐቅ ግን ባለቤቱ አፉ ካላለ አይምርም። አንድ ዓመት ይህን ስትል ለመሄድ ቆረጥኩ። በማግስቱ ከሰበታ አየር ጤና፣ ከአየር ጤና መርካቶ፣ ከመርካቶ አዲሱ ገበያ፣ ከአዲሱ ገበያ ሱሉልታ ሄድኩ። ሃርድ ዲስኩን ይዤ አልሄድኩም። ለምን አልያዝኩትም? ሊነግራቸው የሄደ ሰው አይዘውም ነበር? መልሱን እናንተ ከኔ ቀድማችሁ ሳታውቁት አትቀሩም።

ግቢያቸው ከጎጃም መንገድ ገባ ብሎ ነው። ኦቦ ዲሪርሳ በር ላይ ፀሐይ እየሞቁ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል፤ አርጅተዋል። ሚስታቸው አዴ ጫልቱ ሲያዩኝ እሪ ብለው ተቀበሉኝ፤ ከዚያ ወደ ባላቸው ዞረው ጆሯቸው ሥር፣ "ጀማል ነው! ከሰበታ! ሙዚቃ ቤት!" ብለው ጮኹ። ቤት ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ለእሳቸው ይጮሃል። አዴ ጫልቱ ሁሉን ነገሩኝ። እድር ላይ ዳኛ አድርገዋቸው ነበር፣ የሰው ቃል አጣምሜ እፈርዳለሁ ብለው ተዉት። የመንደሩ ወፍጮ ተሰብሮ ሰዎች ሊለምኗቸው መጡ፣ "የማልሰማውን አልነካም" ብለው መለሷቸው። ሐኪም ቤት እንሂድ ስትላቸው ልጃቸው፣ "ጆሮዬን ከኔ በላይ ማን ያውቀዋል?" አሏት። ሰው መሃል መቀመጥ ትተዋል።

አዴ ጫልቱ ምሳ ሊያቀርቡ ሲገቡ ብቻችንን ቀረን። "ኦቦ" አልኳቸው፣ "ያን ቀን ሱቄ ውስጥ የሰሙት ዘፈን፣ እኔ ነኝ የቀየርኩት።" አልኩ። በጣም ዝግ ባለ ድምፅ ነው ያልኩት። እሳቸው ሊሰሙኝ ቀርቶ እኔም ራሴን በደንብ አልሰማሁም፤ እንዲህ አድርጌ የተናገርኩት አውቄ ነው። "ምን አልክ? ጮክ በል!" አሉኝ። አዴ ጫልቱ ሳህን ይዘው ተመለሱ። እኔ ጮክ አልኩ። "አፉ በሉኝ ነው ያልኩት!" አልኩ፣ ግቢው ሁሉ እስኪሰማ። ሳቁ። "ምን አጥፍተህ ነው አንተ?" አሉ። "ምንም! ረመዳን ስለደረሰ ነው፣ ለልማዱ!" አልኩ። ከሙስሊም ጎረቤት ጋር የኖሩ ሰው ናቸው፣ ወጉን ያውቁታል። እጄን ይዘው "አፉ ብዬሃለሁ፣ ለዚህም ለዚያም ዓለም" አሉኝ። ጥፋቱን በሹክሹክታ፣ ምሕረቱን በጩኸት ወሰድኩ። ምሳ በላሁ። ጣፈጠኝ።

ልሄድ ስል ሚስትየዋ ባጃጅ ደውለው ጠሩልኝ። በር ላይ ቆመን እየተሰነባበትን ሳለ ኦቦ ዲሪርሳ ወንበራቸው ላይ እንደተቀመጡ አንገታቸውን ዘንበል አደረጉ። "ባጃጅህ መጥቷል። የፊት ጎማው ቤሪንግ ሊያልቅ ነው፣ ንገረው ልጁን" አሉ። መንገዱን አየሁ፤ ምንም የለም። ጆሮዬን ጣልኩ፤ ምንም። ቆይቶ፣ እውነት ብዙ ቆይቶ፣ ከባሕር ዛፉ ጥግ ባጃጇ ብቅ አለች። አዴ ጫልቱ ጭናቸውን መቱ። "ይኸው! ይኸው ሰሙ! እኔ ስንት ጊዜ ነው ይሰማሉ የምለው? በጭንቅላታቸው ነው እንጂ ጆሯቸው ምንም አልሆነም!" አሉ፤ ዕንባቸው መጣ።

"አልሰማሁም" አሉ ኦቦ ዲሪርሳ። "መሬቱ ነው የነገረኝ፣ በእግሬ ነው ያወቅኩት። የኔ ጆሮማ እዚያው ጀማል ቤት ነው የቀረው። ሦስት ዘፈን አዳምጬ አንዱንም አልሰማሁ፤ እሱ ፊቴ ተቀምጦ አይቷል። ጠይቂው።" ከዚያ ወደኔ ዞሩ። "አይደለም እንዴ ጀማል?"

ሚስትየዋ አዩኝ። እሳቸው አዩኝ። ባጃጇ ደረሰች። እኔ "አዎ" አልኩ። ጮክ ብዬ፣ በደንብ እንዲሰሙ አድርጌ፣ "አዎ ኦቦ፣ አይቻለሁ" አልኩና ወጣሁ።

ፋይሉን መቀየሬን ቀልድ ነበር ልትሉልኝ ትችላላችሁ፤ ያንን "አዎ" ግን ምን ትሉታላችሁ? እኔ ስም አጥቼለታለሁ። እናንተን አፉ በሉኝ አልላችሁም፤ የእናንተን ሐቅ አልነካሁም፣ ብትሉኝም አይሠራልኝም። ይህን ሁሉ ገጽ የጻፍኩት ደፍሬ እንዳይመስላችሁ፤ ለማታውቁኝ ለእናንተ መናገር ስለሚቀለኝ ነው። ኦቦ ዲሪርሳ በሕይወት አሉ። ባለፈው ሳምንት ከሱሉልታ የመጣ ሰው ደህና ናቸው ብሎኛል። ከአዲሱ ገበያ የሱሉልታ ታክሲ ቀኑን ሙሉ ይጭናል።